ሜሳላዚን ትቼ ቡቲሬት ልጀምር?

ጠያቂ፣ ከደሴ፦
ሰላም ለሁላችሁ። ሁለት ዓመት «አሜባ ነው» እየተባልኩ መድኃኒት ስውጥ ቆየሁ። ዘንድሮ በኮሎኖስኮፒ (አንጀትን ከውስጥ በካሜራ በሚያይ ምርመራ) ሲታይ አልሰረቲቭ ኮላይተስ፣ ትልቁ አንጀት የሚቆስልበት ሕመም፣ ሆኖ ተገኘ። ሜሳላዚን የሚባለውን የሐኪም መድኃኒት ጀምሬ ከሰገራዬ ጋር ይወጣ የነበረው ደም ቆሟል፤ ሆዴ ግን አሁንም ይነፋል። ውጭ ያለች ዘመዴ «ቡቲሬት የሚባል እንክብል ልላክልሽ፣ የሐኪሙን ትተዪዋለሽ» አለችኝ። እማዬ ደግሞ «በሶ አለልሽ» ትላለች። ማንን ልስማ?

የጤና ባለሙያ፣ ኮምቦልቻ፦
እህቴ፣ አብሽሪ። ሜሳላዚኑን ግን እንዳትተዪ። እኛ መፍጨት ያቃተንን አሰር (ፋይበር)፣ የበሶውን ገብስ ጨምሮ፣ ትልቁ አንጀት ውስጥ ያሉ ባክቴሪያዎች ያብላሉታል። ከዚያ አሴቴት፣ ፕሮፒዮኔትና ቡቲሬት የሚባሉ አጭር ሰንሰለት ያላቸው ፋቲ አሲዶች ይወጣሉ። የአንጀቱ ግድግዳ ሴሎች ጉልበታቸውን በብዛት የሚያገኙት ከቡቲሬቱ ነው። ያንቺ ሕመም ባለባቸው ሰዎች ላይ ደግሞ ቡቲሬት ሠሪዎቹ ባክቴሪያዎች አንሰው ይታያሉ። ተስፋው የመጣው ከዚህ ነው። በፊንጢጣ እየተሰጠም ተሞክሯል፤ አንዱ ሙከራ ረዳ፣ ሌላው እምብዛም። እንክብሉ ቢመጣም ሐኪምሽን ጠይቀሽ በመድኃኒቱ ላይ የሚጨመር እንጂ ምትኩ አይደለም።

ከወልድያ፦
ቡቲሬት ስሙ ራሱ ከቅቤ የመጣ ነው ሲሉ ሰምቻለሁ። ታዲያ ንጥር ቅቤ አይበቃትም?

የጤና ባለሙያ፣ ኮምቦልቻ፦
ስሙ እውነት ነው፣ ቅቤ ውስጥም አለ። ግን ላይ ያለው ትንሹ አንጀት ይመጠውና ታች ትልቁ አንጀት ሳይደርስ ያልቃል። እዚያው ታች መሠራት አለበት።

ከሐይቅ፦
እኔም ይሄው ሕመም አለብኝ፣ አምስተኛ ዓመቴ። ደም እያየሁ ቆሎ ቆርጥሜ ሌሊቱን ሽንት ቤት ነው ያደርኩት፤ ሲያገረሽ እንዳትነኪው። ደህና ስትሆኚ በሶውን በሁለት የሾርባ ማንኪያ ጀምሪ፣ በውሃ በጥብጠሽ፣ ያለ በርበሬ። ሳምንት ቆይተሽ ጨምሪ። በአንዴ ካበዛሽው ሆድሽ ከበሮ ነው የሚሆነው፣ ከእኔ ተማሪ። ድንችም ቀቅለሽ አቀዝቅዘሽ ብዪ፤ ሲቀዘቅዝ ከስታርቹ ከፊሉ ሳይፈጭ ለባክቴሪያው ይተርፋል።

የጤና ባለሙያ፣ ኮምቦልቻ፦
ጥሩ ብለሻል። ደም ከተመለሰ ግን በሶ አትበጥብጪ፣ ሐኪም ጋ ሂጂ።

ጠያቂ፣ ከደሴ፦
አላህ ይስጥልኝ። ለዘመዴ «ቆይ፣ ሐኪሜን ልጠይቅ» ብያታለሁ። ለእማዬ አሸነፍሽ አላልኳትም፤ ግን ገብሱን ልትቆላ ምጣድ ጥዳለች።