የሰባቱ ዓለማት ውል በምን ይፍረስ? (የልብ ወለድ ጥያቄ)

ሰባተኛው በር፦
ሰላም ለሁላችሁ። በሰባት ዓለማት መካከል በሚካሄድ ረጅም ልብ ወለድ ላይ ምክር እፈልጋለሁ። «መወርወሪያ» የሚባል መሣሪያ አለ፤ እውነታን እንደ ሸማ ፈትቶ እንደገና ይሸምናል። ወንዝ የነበረው ተራራ፣ የሞተው ያልሞተ ይሆናል። አንዱን ለመሥራት 12 ቀሰም «የጨረቃ ማግ» ያስፈልጋል፤ ማጉ ከተገኘ ሥራው 20 ቀን ይፈጃል። ዓለማቱ «መወርወሪያን በጦርነት አንጠቀምም» ብለው ይፈራረማሉ፤ ውሉ ምዕራፍ 9 ላይ ይፈርሳል። በረቂቁ ላይ የሚያፈርሰው አንድ ክፉ ንጉሥ ነው፤ አንባቢ ግን «ታዲያ መጀመሪያ ለምን ፈረመ?» ማለቱ አይቀርም። ውሉ በራሱ አንቀጽ ምክንያት እንዲፈርስ ምን ላድርግ?

ማኅተም፦
ስንጥቁ እርስዎ በጻፉት ሐረግ ውስጥ አለ፦ «በጦርነት አንጠቀምም»። እ.ኤ.አ. የ1925ቱ የጄኔቫ ፕሮቶኮል እንደዚሁ ነበር። መርዝ ጋዝን በጦርነት መጠቀም ከለከለ፤ መሥራትንና ማከማቸትን አልነካም። ፈታሽ አካልም ሆነ የቅጣት አንቀጽ አልነበረውም። ይባስ ብሎ እንግሊዝንና ፈረንሳይን ጨምሮ ብዙ አገሮች «ጠላት ከጣሰው እኛም አንታሰርበትም» የሚል ቃል ጨምረው ተቀበሉት። በዚህ ምክንያት ሁሉም ግምጃ ቤቱን ሞልቶ መጠበቅ ቻለ።

የደረሰውን የእኛ ሰዎች በገላቸው ያውቁታል። ጣሊያን በ1928 አጸደቀችው፣ ኢትዮጵያ በ1935 ገባችበት፤ በዚያው ዓመት ዲሴምበር ላይ የጣሊያን አውሮፕላኖች ተከዜ አካባቢ የሰናፍጭ ጋዝ ጣሉ። ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ጁን 30 ቀን 1936 ጄኔቫ ላይ፣ አውሮፕላኖቹ 9፣ 15፣ 18 እየሆኑ ተከታትለው መርዙን እንደ ዝናብ እንዳርከፈከፉት ተናገሩ። የመንግሥታቱ ማኅበር ቀደም ብሎ ማዕቀብ ጥሎ ነበር፤ ነዳጅ ግን ዝርዝሩ ውስጥ አልገባም፣ የስዊዝ ቦይም አልተዘጋም።

ለምዕራፍ 9 የሚጠቅምዎት ይሄ ነው። የቅጣት አንቀጽ ይኑር፤ ጣሹ ያለሱ መንቀሳቀስ የማይችለው አንድ ነገር ግን ከዝርዝሩ ይቅር። ያ ነገር የጨረቃ ማግ ነው፤ የሚቀረውም ሦስቱ ዓለማት ማጉን ሸጠው ስለሚኖሩ ነው። ያኔ ንጉሡ ክፉ መሆን አያስፈልገውም። ማንም እንደማያስቆመው ቆጥሮ ያየ ሰው ይበቃል።

ቀሰም ቆጣሪ፦
እኔ ስንጥቁን በቁጥሩ ውስጥ ነው የማየው። ዓለም አቀፉ የአቶሚክ ኃይል ኤጀንሲ ለአንድ የኑክሌር ቦምብ ሊበቃ ይችላል ብሎ ለቁጥጥር የሚጠቀምበት ልክ 8 ኪሎ ፕሉቶኒየም (የቦምቡ ጥሬ ዕቃ) ነው። ንጹሑ ፕሉቶኒየም በአጭር ጊዜ ወደ መሣሪያ ሊለወጥ ስለሚችል፣ መጉደሉ በአንድ ወር ውስጥ እንዲታወቅ ይፈለጋል። እርስዎ ዘንድ ልኩ 12 ቀሰም፣ ጊዜው 20 ቀን ነው። ተቆጣጣሪዋ በየ30 ቀኑ ከመጣች፣ በሄደች ማግስት የጀመረ ሰው ሠርቶ ጨርሶ 10 ቀን ገደማ ይተርፈዋል። በየሳምንቱ ትምጣ ካሉ ደግሞ ዓለማቱ «የሽመና ምስጢራችንን ልትሰርቅ ነው» ብለው በር ይዘጉባታል። ይህ ክርክር ብቻውን አንድ ምዕራፍ ይወጣዋል።

ከዚህ የሚብሰው የሚዛን ስህተት ነው። በዓመት 1,200 ቀሰም የሚፈተልበት ቤት ቆጠራው 1 በመቶ ቢዛነፍ 12 ቀሰም ነው፤ ማለትም በየዓመቱ አንድ መወርወሪያ፣ ሌባም ሳይታይ። ተቆጣጣሪዋ የጎደለውን ታየዋለች፤ ስርቆት ይሁን ብናኝ ግን መለየት አትችልም። ብትከስና ብትሳሳት ውሉ ይናጋል፣ ዝም ካለችም እንዲሁ። ለዚህች ሴት ሰፊ ቦታ ይስጧት፤ የታሪኩ ልብ እሷ ዘንድ ያለ ይመስለኛል።

የሚጋለጥበትን መንገድ ከፈለጉ ከጦርነት ይልቅ አደጋ ይሻላል። እ.ኤ.አ. የ1972ቱ የባዮሎጂያዊ (የበሽታ አምጪ ተሕዋስያን) መሣሪያ ስምምነት የፍተሻ ሥርዓት የለውም። በ1979 ስቨርድሎቭስክ በምትባል የሶቪየት ከተማ ከነበረ ወታደራዊ ተቋም የአንትራክስ (አባ ሰንጋ) ብናኝ አምልጦ ቢያንስ 60 ሰው ገደለ፤ ሶቪየት «የተበከለ ሥጋ ነው» አለች፤ የሩሲያው ፕሬዚዳንት የልትሲን ያመነው በ1992 ነው።

ሰባተኛው በር፦
በጣም አመሰግናለሁ። አንድ ነገር ከበደኝ፤ መሣሪያው እውነታን የሚለውጥ ከሆነ የተቆጣጣሪዋን መዝገብ፣ ውሉን ራሱንስ አይለውጠውም?

ባለ ሁለት ቅጂ፦
ይለውጠዋል፤ ሌሎች ውሎች የሌላቸው ድክመት ይሄ ስለሆነ አይሸሹት። ሕግ ያብጁለት፦ መወርወሪያ የሚለውጠው የቆመበትን ዓለም ብቻ ይሁን። ፈራሚዎቹም ይህን ስለሚያውቁ ሰባት ቅጂ አዘጋጅተው በሰባቱ ዓለማት ያስቀምጣሉ። በየዓመቱ ሰባቱ ቅጂዎች ጎን ለጎን ይነበባሉ፤ አንዱ ከስድስቱ ከተለየ፣ የተለየበት ዓለም ጥሷል ማለት ነው።

አሁን ያፍርሱት። በሦስት ቅጂ ላይ «ይቻላቸዋል»፣ በአራቱ ላይ «ይገባቸዋል» ተብሎ ይገኝ። የውጫሌ ውል አንቀጽ 17 ትዝ ይበልዎት፤ በ1881 ዓ.ም. ሲፈረም የአማርኛው ምኒልክ ከአውሮፓ ጋር በጣሊያን በኩል መላላክ «ይቻላቸዋል» ሲል የጣሊያንኛው ግዴታ አደረገው። እዚያ ሁለቱም ወረቀት የተፈረመበት ነበር። በእርስዎ ታሪክ ግን ቃሉ ከመጀመሪያው ይለያይ እንደነበር ወይም በኋላ እንደተሸመነ የሚመሰክር ሰው አይገኝም፤ በተለወጠው ዓለም የሚኖረው ሰው ትዝታውም አብሮ ተለውጧል።

ማኅተም ያነሱትን የማዕቀብ ቀዳዳ ግን እዚህ ላይ አይደርቡት። የማዕቀቡ ታሪክ ጣሹ ታውቆ ዝም የተባለበት ነው፤ ይሄኛው ጣሹ የማይታወቅበት ነው። ሁለቱ አንድ ምዕራፍ ውስጥ ከገቡ ይጣላሉ። የቀሰሙን ሂሳብ ምዕራፍ 6 ላይ አስቀድመው ይዝሩት፣ የቅጂውን ልዩነት ለ9 ያቆዩት።