ሻኪራ እንባዋን ሸጠች ወይስ እውነቷን ተናገረች?

ሄለን፦ ትናንት ከእህቴ ጋር ተከራክረን ስላልተግባባን ወደ እናንተ አመጣሁት። ሻኪራ ከእግር ኳስ ተጫዋቹ ፒኬ ጋር መለያየታቸው የተሰማው እ.ኤ.አ. በ2022 ነው። በ2023 መጀመሪያ ከአርጀንቲናዊው የሙዚቃ ፕሮዲውሰር ቢዛራፕ ጋር ዘፈን ለቀቀች። የፒኬ ስም በቃላት ጨዋታ ገባ። እናቱም አልቀሩ። ይሄ የልብ ስሜት ነው ወይስ ንግድ?

ዮናታን፦ ንግድ ነው። ሰዓት ከሰዓት፣ መኪና ከመኪና እያወዳደረች ስትዘፍን እኔ ሐዘን አልሰማሁም። ደግሞ ልጆች አሏት። ነገ አድገው ይሰሙታል።

ማርታ (ከባርሴሎና)፦ ዮኒ፣ ሐዘንና ገንዘብ አብረው አይሄዱም ያለህ ማነው? እኛ አገር አልቃሿ ግጥሟን አሳምራ ሙሾ ታወርዳለች፤ ይከፈላታልም። ውሸቷን ነው ያላት የለም። እዚህ መነጋገሪያ የሆነችው ከዘፈኑ አንዲት ቃል ናት፣ «ፋክቱራር»። ደረሰኝ መቁረጥ፣ ገቢ ማስገባት እንደማለት ነው። ብሩን አልደበቀችም እኮ። ከዚህ በላይ ምን እውነት ትፈልጋለህ?

ዮናታን፦ የአልቃሿን ነገር አላሰብኩትም፣ ልክ ነሽ። ግን አልቃሽ የምታስለቅሰው በሰው ሟች ነው። በራሷ ጓዳ አይደለም።

አቤል፦ ዋናው እሱ ነው! የሜክሲኮ ተከታታይ ድራማ ላይ ብዙ ተዋናዮች ጆሯቸው ውስጥ ትንሽ ማዳመጫ ያደርጋሉ። ከጀርባ ያለ ሰው ንግግሩን እያነበበላቸው ነው የሚሠሩት። ተመልካቹ ግን ከልቡ ያለቅሳል። ቀረጻው ሲያልቅ ተዋናይዋ እንባዋን ጠርጋ ቤቷ ትገባለች። የራሱን ሕይወት የሚዘፍን ሰው ከሥራ ወጥቶ የት ይገባል? የፖርቶ ሪኮውን ዘፋኝ ባድ ባኒን እዩት። በ2022 ብቻ ሁለት የኮንሰርት ቱር ሠራ። ዓመቱ ሲያልቅ ደከመው፤ ቀጣዩ ዓመት ለአካሌና ለስሜቴ ጤና ነው፣ ልተንፍስበት አለ። በ2023 ኦክቶበር ግን አልበም ይዞ መጣ።

ዮናታን፦ ታዲያ ማን አስገደደው?

ሄለን፦ እኛ ነን ባይ ነኝ። እኔ ራሴ ከዚያ ዘፈን በኋላ ሻኪራ የሰጠችውን ቃለ መጠይቅ ሁሉ የማየው ስለ ፒኬ ምን አለች ብዬ ነበር። በ2024 አልበሟ ወጣ፤ ርዕሱ «ሴቶች ከእንግዲህ አያለቅሱም» ነው። ዳነች ብዬ ደስ ሊለኝ ሲገባ፣ አዲስ ነገር ጨመረች ወይ ብዬ ግጥሙን አንድ በአንድ ማሰስ ያዝኩ። አሁን ሳስበው በጣም ነው ያሳዘነኝ። ቁስሉ እንዲሽር አልፈለግኩም ማለት ነው።

ማርታ፦ ሄሉዬ፣ በራስሽ ላይ ይህን ያህል አትፍረጂ። እዚህ ካሜራዎች ደጇ ላይ ተደርድረው ነበር። ዝም ብትልም መወራቱ አይቀርም። እኔ ብሆን ሌላው ከሚያወራልኝ ራሴ ብናገረው ይሻለኛል።

ዮናታን፦ ይሄን እቀበላለሁ። በልጆቹ ጉዳይ ግን አቋሜ ያው ነው።