የደሴና ኮምቦልቻ ፌስቲቫል፦ አንድ ሰው ይምረጥ ወይስ ኮሚቴ?

(ተከራካሪዎቹ የተጠሩት በየሰፈራቸው ነው፤ ከኮምቦልቻው በቀር ሁሉም የደሴ ናቸው።)

ከሆጤ፦

ሰሞኑን በየሻይ ቤቱ የምንጨቃጨቅበትን ነገር ነው ያመጣሁት። ደሴና ኮምቦልቻ በየዓመቱ አንድ የጋራ የኪነጥበብ ፌስቲቫል ይኑራቸው የሚል ሐሳብ አለ። ሐሳቡን የጠላ ሰው አላጋጠመኝም። ጭቅጭቁ ፕሮግራሙን ማን ይምረጥ የሚለው ላይ ነው። ገሚሱ «ኮሚቴ ይቋቋም» ይላል። ገሚሱ «አንድ ጥበባዊ ዳይሬክተር ይቀጠር» ይላል።

የኔ አቋም ይኸው። አንድ ሰው ይቀጠር። የመምረጥ ሙሉ ሥልጣን ይሰጠው። ጊዜው ግን የተቆረጠ ይሁን፤ አራት ወይ አምስት ዓመት። ሲያልቅ ያስረክብ።

ኮሚቴ ሲመርጥ ዋናው ጭንቀቱ ማን ይቀየማል ነው። ስለዚህ ሁሉም ትንሽ ትንሽ ይደርሰዋል። ለግጥም አሥር ደቂቃ፣ ለውዝዋዜ አሥር ደቂቃ፣ ለድራማ ሩብ ሰዓት። ማንም አይቀየምም፤ ግን የሚያስታውሰው ነገር ይዞ ቤቱ የሚገባም የለም። ጥበባዊ ዳይሬክተር ስሙን አስይዞ ነው የሚመርጠው። ቢያምርም በሱ፣ ቢከሽፍም በሱ።

ስኮትላንድ ያለውን የኤደንብራን ፌስቲቫል ተመልከቱ። የተጀመረው በፈረንጆቹ 1947 ነው፤ ሁለተኛው የዓለም ጦርነት ካበቃ ገና በሁለት ዓመቱ። የመጀመሪያው ዳይሬክተር ሩዶልፍ ቢንግ ይባላል። ቪየና የተወለደ፣ እንግሊዝ ውስጥ የኦፔራ ቤት ሥራ አስኪያጅ የነበረ ሰው ነው። በዚያ ዓመት የሙዚቃ መሪውን ብሩኖ ዋልተርን ከቪየና ፊልሃርሞኒክ ኦርኬስትራ ጋር በአንድ መድረክ አገናኘ። ዋልተር አይሁዳዊ ነው። ናዚዎች መጀመሪያ ከጀርመን፣ ኋላም ከኦስትሪያ አሳድደውታል። ኦርኬስትራው ግን እዚያው ቀርቶ ነበር። በመካከላቸው ስንት ቂም፣ ስንት ያልተወራ ነገር እንደነበር አስቡት። ይህን የሚደፍር ኮሚቴ ያለ አይመስለኝም። በኛ አቆጣጠር 2014 ላይ በጦርነቱ የሆነብንን ያየን የደሴና የኮምቦልቻ ሰዎች፣ ከጦርነት በኋላ እንዲህ ያለ ምርጫ ምን ያህል እንደሚከብድ ይገባናል።

ቢንግ ሦስት ዓመት መርቶ ወደ ኒውዮርክ ሄደ። ሜትሮፖሊታን ኦፔራን ከ1950 እስከ 1972 መራ። ኤደንብራም እሱ ሄደ ብሎ አልፈረሰም። ሥራው የዕድሜ ልክ ርስት አይደለም።

ከፒያሳ፦

ወንድሜ፣ ቢንግን ለጊዜው ተወውና «አንድ ሰው» የምትለው ማን እንደሆነ ንገረኝ። እኔን የሚያስፈራኝ ይሄ ነው። ከአዲስ አበባ ስም ያለው ሰው ይመጣል። የሚያውቃቸውን ዘፋኞች ይጠራል። የኛ ልጆች ቀን በጠራራ ፀሐይ፣ ሰው ሳይሰበሰብ ይዘፍናሉ። ማታ ዋናው መድረክ የእንግዳ ይሆናል። ከአራቱ ቅኝቶች ውስጥ አምባሰልና ባቲ ስማቸውን የወረሱት ከወሎ መሬት ነው። ይህን ይዘን ምረጥልን ብለን ሰው ከውጭ እንጥራ? ዳይሬክተሩ የዚህ አገር ልጅ ይሁን። የዚህን አገር ዘፈን ከነአገባቡ የሚያውቅ፣ አዝማሪውን በስሙ የሚጠራ ሰው።

ከኮምቦልቻ፦

እኔ ደግሞ «የጋራ» የምትለዋን ቃል በወረቀት ካላየሁ አላምንም። አውሮፕላኑ የሚያርፈው እኛ ጋ ነው። ስፖንሰር ይሆናሉ የተባሉት ፋብሪካዎች አብዛኞቹ እኛ ጋ ናቸው። መድረክ ሲባል ግን የሁላችሁም ሐሳብ መርሆ ግቢ ይሄዳል። ከፈረቃ የወጣ የጨርቃ ጨርቅ ሠራተኛ በማታ የሐረጎን ዳገት ወጥቶ ደሴ ድረስ እንዴት ይምጣ? ዘፈኑ አልቆ በምን ይመለስ? መንገዱ 25 ኪሎ ሜትር አካባቢ ነው፤ ለሱ ግን እንደ ሌላ አገር ነው። አንድ ሰውም ይሁን ኮሚቴ፣ ውሉ ላይ አስቀድሞ ይጻፍ፦ ከምሽቶቹ ግማሹ ኮምቦልቻ።

ከሆጤ፦

ትክክል ነህ፤ ይጻፍ። ይሄ የዳይሬክተሩ ምርጫ መሆን የለበትም፤ የሁለቱ ከተሞች ስምምነት ነው። እሱ በዚያ ውስጥ ይምረጥ።

ከቧንቧ ውሃ፦

አስተማሪ ነኝ፤ ተማሪዎቼ ይሄን ሥራ እንዲያልሙ ስለምፈልግ ነው የምጽፈው። እስካሁን ስለ ሰውዬው አገር እንጂ ስለ ሙያው አላወራንም። ጥበባዊ ዳይሬክተር የሚሆን ሰው ከየት ይመጣል?

አንድ የታወቀ መንገድ የለውም። ቢንግ የኦፔራ ቤት ሥራ አስኪያጅ ነበር። በዚያው በ1947 ፈረንሳይ ውስጥ የአቪኞን ፌስቲቫልን የጀመረው ዣን ቪላር ተዋናይና አዘጋጅ ነበር። ኤደንብራን በፈረንጆቹ ከ2007 እስከ 2014 የመራው አውስትራሊያዊው ጆናታን ሚልስ የሙዚቃ ደራሲ ነው። አሁን ያለችው ኒኮላ ቤኔዴቲ ቫዮሊን ተጫዋች ናት። እዚሁ አገራችን አዲስ ፎቶ ፌስትን በፈረንጆቹ 2010 የመሠረተችው አይዳ ሙሉነህ ፎቶግራፍ አንሺ ናት። ሁሉም መጀመሪያ የራሳቸው ሙያ ነበራቸው። ከዚያ ነው የሌላውን ሰው ሥራ ወደ መምረጥ የመጡት።

ይሄ ቀላል ሽግግር አይደለም። ጎበዝ ዘፋኝ የሌላ ዘፋኝን ሥራ ለማስቀደም አንጀት ይፈልጋል። ከዚያ ደግሞ በጀት ማንበብ አለ። ከአንድ ዓመት በላይ አስቀድሞ ማቀድ አለ። «ዘንድሮ አንተን አልጠራሁም» ብሎ ጓደኛን ፊት ለፊት መንገር አለ። ይህን መድረክ ላይ መውጣት ብቻውን አያስተምርም። ስለዚህ ፒያሳ ያለሽው እህቴ፣ ሐሳብሽ ገብቶኛል። ግን «የዚህ አገር ልጅ» ማለት ብቻ አይበቃም። ሥራውን የሚማርበት ወንበር የት አለ? መጀመሪያ ምክትል የሚባል ቦታ ይከፈት። ደመወዝ ይኑረው። ከወሎ ዩኒቨርሲቲም ከባህል ቡድኖቹም ወጣቶች ተወዳድረው ይግቡበት።

ከጢጣ፦

እኔ ሁለታችሁንም እቃወማለሁ። ለምን ማንም ይመርጣል? የኤደንብራን ታሪክ ግማሹን ነው የነገራችሁን። በዚያው በ1947 ማንም ያልጋበዛቸው ስምንት የቴአትር ቡድኖች ሄደው በራሳቸው አዳራሽ አሳዩ። ከዚያ ያደገው ፍሪንጅ የሚባለው ፌስቲቫል ዛሬ ከዋናው በብዙ ይበልጣል። እዚያ የሚመርጥ ዳይሬክተር የለም። አዳራሽ ያገኘ ሁሉ ያሳያል። እኔ ወጣት ገጣሚ ነኝ። በምርጫ ሁልጊዜ የምቀረው እኔ ነኝ። በሩ ክፍት ይሁን።

ከሆጤ፦

አብሽር ወንድሜ፣ የኔም ሐሳብ አንተን ለማስቀረት አይደለም። ግን ሁለት ነገር እይ። ስምንቱ ቡድኖች ኤደንብራ የሄዱት ዋናው ፌስቲቫል ሰው ስለሰበሰበ ነው። ባዶ ከተማ ውስጥ ክፍት በር ማንንም አያመጣም። ሁለተኛው ገንዘብ ነው። ፍሪንጅ ላይ አብዛኛው ቡድን ወጪውን የሚችለው ራሱ ነው። አዳራሹን ይከራያል፣ ማደሪያውን ይከፍላል፣ ብዙው ከስሮ ይመለሳል። እዚህ በሩን ዝም ብለን ብንከፍተው የሚገባው ሳውንድ ሲስተም መከራየት የሚችለው ነው። ያኔም የምትቀረው አንተ ነህ። መራጭ ያለው ፌስቲቫል ግን ገንዘብ የሌለውን ገጣሚ ከፍሎ መድረክ ላይ ሊያወጣ ይችላል። ከዋናው ፕሮግራም ጎን ለማንም ክፍት የሆነ ነፃ መድረክ ይኑር ካልክ ግን አብሬህ እጮኻለሁ።

ከመርሆ ግቢ ጀርባ፦

ልጆቼ፣ ክርክራችሁን በሙሉ አነበብኩት። አንድም ሰው መቼ ነው የሚለውን አላነሳም። ነሐሴ ላይ ብታደርጉት ዝናቡና ጭጋጉ ሰው አያስወጣም። በጋ ነው ትሉኛላችሁ። መልካም፤ በ2018 የካቲት ላይ ዐቢይ ጾምና ረመዳን በአንድ ሳምንት ውስጥ ገቡ። ወሎ ውስጥ በእንዲህ ያለ ወር ዘፈን ይዞ አደባባይ የሚወጣ ሰው ግማሹን ቤተሰብ ቅር ያሰኛል። ረመዳን ደግሞ በየዓመቱ አሥር፣ አሥራ አንድ ቀን ይቀድማል። አምናና ዘንድሮ አንድ አይደለም።

ሌላም አለ። መንዙማን ከአዝማሪ ዘፈን ቀጥሎ በፕሮግራም ደብተር ላይ ማስፈር አይቻልም። መንዙማ ዱዓ ነው። የሚቀርብበት ቦታና ሰዓት አለው፤ አዋቂዎቹ ይጠየቃሉ። ከቤተክርስቲያን ወገን ያለውም ዜማ እንደዚያው ነው። ከባቲ ገበያ ወዲያ ያለውን የአፋሩንና የኦሮሞውን ጨዋታም ባለቤቶቹን ሳትጠይቁ አታምጡት። ሙሉ ሥልጣን የምትሰጡት ሰው ይህን ካላወቀ፣ አራት ዓመት አይደለም አራት ቀን አይበረክትም።

ከሆጤ፦

አባባ፣ እድሜ ይስጥልን። ይህ የሥልጣኑ ወሰን ሆኖ ይጻፍ። አምልኮ የሆነውን ነገር ዳይሬክተሩ ያለ ባለቤቶቹ ፈቃድ አይነካም። ቀኑንም አገር ይወስን።

ወሰኑ አስቀድሞ ካልታወቀ ምን እንደሚመጣ የአደሌድ ፌስቲቫል ያሳየናል። አውስትራሊያ ነው። አሜሪካዊው ፒተር ሴላርስ በፈረንጆቹ የ2002ቱን ፌስቲቫል እንዲመራ ተሹሞ ነበር። ከአካባቢው ማኅበረሰብ ጋር እሠራለሁ ብሎ ጀመረ። ሐሳቡ መልካም ነበር። ግን ፕሮግራሙም ገንዘቡም ሲያጨቃጭቅ ከርሞ፣ ሊከፈት ጥቂት ወራት ሲቀሩት በ2001 መጨረሻ ለቀቀ። ቅን ሰው መቅጠር ብቻውን አያድንም ማለት ነው። ምን ያህል ብር እንዳለ፣ ማን ምን እንደሚወስን፣ ሰውዬው ከመፈረሙ በፊት ፊቱ መቀመጥ አለበት።

ከኮምቦልቻ፦

ብሩ ከስፖንሰር ከሆነ ስፖንሰሩም ይመርጣል፤ ይሄን አትርሱ። ቢራ ፋብሪካ ከፍሎ መንዙማ ያለበት ግቢ አጠገብ ባነር ይሰቅላል? ይሄን እምቢ የሚል ዳይሬክተር ደመወዙ ከሌላ ቦታ መምጣት አለበት። የከተማ አስተዳደሮቹ ደመወዙን ይቻሉት፣ ስፖንሰሩ መድረኩን ይቻለው።

ከቧንቧ ውሃ፦

ይሄ ጥሩ ነው። ዓመቱ ሲያልቅስ ሰውዬው የት ይሄዳል? አገራችን ላይ ሌላ ፌስቲቫል ብዙ የለም። የሚሄድበት ካጣ ወንበሩን አይለቅም። ቪላር አቪኞንን እስኪሞት፣ እስከ 1971 መርቷል። እሱ ቪላር ስለሆነ አማረበት። ሁሉም ቪላር አይደለም። ስንቀጥረው «ምክትሉን አሠልጥነህ ታስረክባለህ» የሚል አንቀጽ ይግባ። እሱም ወደ ዩኒቨርሲቲ ማስተማር፣ ወደ ራሱ ቡድን፣ ወደሚፈልገው የሚመለስበት በር አብሮ ይታሰብለት።

ከፒያሳ፦

በምክትሉ ተስማምቻለሁ። በዓመቱ ገደብም ተስማምቻለሁ። በመጀመሪያው ሰው ግን አልስማማም። ኤደንብራን ስኮትላንድ የተወለደ ሰው እስኪመራው ከ1947 እስከ 2022 ጠብቀዋል፤ የመጀመሪያዋ ቤኔዴቲ ናት። ሰባ አምስት ዓመት! እኛ ያን ያህል አንጠብቅም። ሁለተኛው ከፈለጋችሁበት ይምጣ፤ የመጀመሪያው ከዚህ ይሁን።

ከሆጤ፦

እኔ ደግሞ በተቃራኒው ነኝ። የመጀመሪያው ዓመት ላይ ለሁሉም እምቢ የሚል ሰው ያስፈልጋል። ለአጎቱ ልጅ እምቢ ማለት የማይጠበቅበት ሰው ቢሆን ይቀለዋል።

ከፒያሳ፦

እምቢ ማለት የምንችል የደሴ ልጆች አለን። ማስታወቂያው ይውጣና ታያለህ።