ሪሽልዩን «የሃይማኖት አባት» ያላችሁት ከየት አምጥታችሁ ነው?

የጨርቆስ ልጅ፦ ጠዋት ታክሲ ውስጥ ሬዲዮ እየሰማሁ፣ አቅራቢው የድሮውን የፈረንሳይ ካቶሊክ ካርዲናል (ከፓፓው ቀጥሎ ያለ ከፍተኛ ጳጳስ) ሪሽልዩን «ታላቅ የሃይማኖት አባት» ብሎት አረፈ። ኧረ በእናታችሁ! ሰውዬው እኮ በ1631 (በፈረንጅ ነው የማወራው) ለስዊድኑ ንጉሥ ለጉስታቭ አዶልፍ በዓመት 400 ሺህ ታለር (የጀርመን የብር ገንዘብ) ሊከፍል ተዋውሏል። ስዊድኑ ፕሮቴስታንት። ብሩ ለምን? የቪየናውን ካቶሊክ ንጉሠ ነገሥት እንዲወጋበት። ይሄ አባት ከተባለ የእንጀራ አባት ማን ሊባል ነው?

መላኩ ዘፒያሳ፦ የፈረንሳዩ ንጉሥ የሉዊ 13ኛ ዋና ሚኒስትር ነበር እንጂ የሰንበት ትምህርት ቤት መምህር አልነበረም። ሃብስበርጎች፣ ያ የቪየናው ካቶሊክ ንጉሣዊ ቤተሰብ፣ በስፔንም በጀርመንም በኩል ፈረንሳይን ከበዋታል። ጎረቤትህ ያለው ካቶሊክ ሊውጥህ ከሆነ ሩቅ ያለውን ፕሮቴስታንት ትይዛለህ። ሂሳብ ነው።

የጨርቆስ ልጅ፦ ሂሳብ ነው! ቀይ ካባ ለብሶ ሂሳብ።

እሙ ሸገር፦ እስቲ ይሄን «ሂሳብ» ላሮሼል ላይ፣ የፈረንሳይ ፕሮቴስታንቶች ወደብ ላይ፣ አስላልኝ ጋሽ መላኩ። 14 ወር ከበባ፣ ከ1627 እስከ 28። እንግሊዝ በባሕር ስንቅ እንዳታስገባ ካርዲናሉ ራሱ ቆሞ 1,400 ሜትር ገደማ የሚሆን ግድብ ባሕሩ ውስጥ አስገነባ፣ ድንጋይ የተጫነ መርከብ እያሰመጠ። ከተማው ውስጥ ያለው ሰው ፈረሱን ጨረሰ፣ ውሻና ድመቱን ጨረሰ፣ በመጨረሻ ቆዳ ቀቅሎ በላ። 27 ሺህ ገደማ ከነበረው ሕዝብ 5 ሺህ ያህል ተረፈ። ውጭ ላለው ፕሮቴስታንት ይከፍላል፣ ቤቱ ያለውን ያስርባል። በሁለት ቢላ መብላት ማለት ይሄ ነው።

መላኩ ዘፒያሳ፦ ከዚያ በኋላ ያለውን ለምን ዘለልሽው? በ1629 አሌ በምትባል የፈረንሳይ ከተማ በተደረገው ሰላም የፕሮቴስታንቶቹን ምሽግና ጦር ወሰደ፣ አምልኳቸውን አልነካም። ጠቡ ከመድፋቸው ጋር ነበር። በዚያ ዘመን ድል አድርጎ እንዲህ የተወ ስንት ካቶሊክ መሪ ታውቂያለሽ?

እሙ ሸገር፦ የሚያመልከው ሰው ከተረፈ አይደል! ሂሳብህ ላይ ሬሳው የለም።

ወለተ፦ ሁለታችሁም ሰውዬውን ዋና ሚኒስትር ከሆነበት ከ1624 ነው የምትጀምሩት። መጀመሪያ ወታደር ሊሆን ነበር የተማረው። ወንድሙ ገዳም ገባና የቤተሰቡ ሀገረ ስብከት ከእጃቸው እንዳይወጣ ተብሎ ጳጳስ ሆነ፣ በ21 ዓመቱ፣ ዕድሜው ሳይደርስ በሮም ልዩ ፈቃድ። ሉሶን ነው የደረሰው፣ ራሱ በፈረንሳይ የመጨረሻው ጭቃማ ሀገረ ስብከት ያለው ቦታ። ግን ሌሎቹ ፓሪስ ቁጭ ብለው ገቢውን ሲበሉ እሱ ሄዶ ኖረ፣ ካህናቱን አስተካከለ፣ ለምእመናን የሃይማኖት ማስተማሪያ ጻፈ። ስለዚህ «አባት» መባሉ ከሰማይ የወረደ አይደለም።

የጨርቆስ ልጅ፦ ወለትዬ፣ ለቤተሰብ ገቢ ተብሎ የተሾመ መሆኑን አሁን አንቺው ነገርሽን እኮ።

ካፊያ፦ ኧረ ፓፓ ኡርባን 8ኛ ጨርሰውታል። «እግዚአብሔር ካለ ካርዲናሉ ብዙ የሚመልሰው አለበት፣ ከሌለ ግን ጥሩ ኖሯል።» ዶሴው ተዘጋ።

መላኩ ዘፒያሳ፦ «አሉ ይባላል» በል ወንድሜ። ሁሉም የሚጠቅሰው፣ ማንም ሲሉ ያልሰማው ነገር ነው።

የጎንደር ሰው፦ ዋናውን ሰው ረስታችሁታል፣ አባ ዮሴፍን። ካፑቺን ከሚባለው የካቶሊክ ማኅበር የሆነ መነኩሴ። በቱርክ ላይ የመስቀል ጦርነት ይነሳ ብሎ ረጅም ግጥም የጻፈ፣ በዚያው እጁ የካርዲናሉን ስውር ዲፕሎማሲ የሚያስኬድ። ወደ ምሥራቅ የሚላኩትን የካፑቺን ሚሲዮኖች የሚመራውም እሱ ነበር። ከነዚያ ካፑቺኖች ሁለቱ ፈረንሳዮች፣ አጋታንጅና ካሲየን፣ ከግብፅ ተነስተው የት ደረሱ? እኛ ዘንድ፣ ጎንደር። በ1638 በዐፄ ፋሲል ዘመን ተሰቀሉ፣ በገዛ መታጠቂያቸው ገመድ ነው የሚባለው።

እሙ ሸገር፦ ፋሲል ምን ያድርግ? አባቱ ሱስንዮስ በጀሱዊቶቹ፣ በሌሎቹ የካቶሊክ ሚሲዮኖች፣ ምክንያት አገሩን ደም አፍስሶ ነው ያስረከበው። ካፑቺን ነኝ ቢሉት ማን ሊለይላቸው?

ወለተ፦ የተሰቀሉት ሁለት መነኮሳት እንጂ ጦር አይደሉም። አሁን ደግሞ አንቺ ነሽ ሂሳብ የጀመርሽው።

እሙ ሸገር፦ አታነጻጽሪ! ፋሲልን ከሱ ጋር አታነጻጽሪ።

ካፊያ፦ እኔ የምለው፣ ይሄ ሁሉ ሂሳብ የማን ኪስ ገባ? በ1639 የኖርማንዲ ገበሬ የጨው ግብር አንገሽግሾት «ባዶ እግሮቹ» ተብሎ ሸፈተ። ካርዲናሉ በ1642 ሲሞት ሀብቱ በፈረንሳይ ገንዘብ 20 ሚሊዮን ሊቭር አካባቢ ነበር። ፓሪስ ሶርቦን ቀበሩት። በፈረንሳይ አብዮት ጊዜ መቃብሩን ከፍተው ጭንቅላቱን ወሰዱት፣ እስከ 1866 ሲዞር ቆየ።

መላኩ ዘፒያሳ፦ የሞተ ሰው ጭንቅላት መቁረጥ ክርክር ሆነ? ሰውዬው የፈረንሳይኛ ቋንቋን አካዳሚ፣ አካዳሚ ፍራንሴዝን፣ ያቋቋመ ነው፣ ድመት የሚወድ ነው፣ እናንተ ጭራቅ አደረጋችሁት።

እሙ ሸገር፦ የላሮሼል ሰዎችም ድመት ነበራቸው ጋሽዬ።

መላኩ ዘፒያሳ፦ ባትሪዬ እያለቀ ነው። ማታ እመለሳለሁ፣ እንዳትጠፉ።