ጌራሲም ሙሙን ለምን አሰጠማት? ቱርጌኔቭን ያነበባችሁ እስቲ ኑ

ገነት፦
ሰላም ወገኖች። የሩስያዊውን ደራሲ የኢቫን ቱርጌኔቭን «ሙሙ» አንብቤ ጨረስኩና መጨረሻው አልዋጥ አለኝ። አጭር ናት፣ በአንድ ቁጭታ ታልቃለች። ግን ጥያቄ ጥላብኝ ሄደች።

ላላነበባችሁ ባጭሩ ልንገራችሁ። ሞስኮ ውስጥ ባሏ የሞተባት አንዲት ሀብታም እመቤት አለች። ጌራሲም የሚባል ገባሯን ከገጠር አስመጥታ ግቢ ጠራጊና ዘበኛ አድርጋዋለች። ግዙፍ ሰው ነው፣ ለአራት ሰው የሚበቃ ሥራ ብቻውን ይሠራል። ሲወለድ ጀምሮ አይሰማም፣ አይናገርም። ታቲያና የምትባል ልብስ አጣቢ ይወዳል። እመቤቲቱ ግን ሰካራሙ ጫማ ሰፊ ሚስት ካገባ ልብ ይገዛል ብላ ታቲያናን ለእሱ ትድራታለች። ሰውዬው ከመጠጥ አልተላቀቀም። ከዓመት በኋላ ባልና ሚስቱ ወደ ሩቅ መንደር ተባረሩ። ጌራሲም እነሱን ሸኝቶ ሲመለስ ወንዝ ዳር ጭቃ ውስጥ የምትንፈራገጥ ቡችላ ያገኛል። ያሳድጋታል። «ሙሙ» ይላታል፣ ከአፉ የሚወጣው ድምፅ እሱ ብቻ ነውና።

ከዚያ እመቤቲቱ ሙሙን አይታ ወደ ሳሎን ታስጠራታለች። ውሻዋ ፈርታ ጥርሷን ታሳያታለች። ሌሊትም ትጮሃለች። «ትጥፋልኝ» ተባለ። ጌራሲም በገዛ እጁ ወንዝ ውስጥ አሰጠማት። በዚያው ዕለት ጓዙን ሸክፎ፣ ማንንም ሳያስፈቅድ በእግሩ ወደ መንደሩ ሄደ!

ታዲያ መሄዱ ካልቀረ ለምን ይዟት አልሄደም? ይኼ ነው የሚያንገበግበኝ። ደግሞ ከዚህ ቀጥሎ ከቱርጌኔቭ ምን ላንብብ?

የደብረ ብርሃን ልጅ፦
ገነት፣ ጥያቄሽ አሪፍ ነው። እኔ መልሱ የገባርነት ሥርዓቱ ውስጥ ነው ባይ ነኝ። ጌራሲም እስከዚያች ቀን ድረስ የእመቤቲቱ ንብረት ነው። ታቲያናን ሲወስዱበት ምን አደረገ? ምንም። ከገጠር ነቅለው ሲያመጡትስ? ምንም። ትዕዛዝ ሲመጣ መፈጸም ነው፣ ሌላ ነገር መኖሩን አያውቅም። እመቤቲቱን አሻፈረኝ ለማለት መጀመሪያ የምትወስድበት ነገር ማለቅ ነበረበት። ሙሙ የመጨረሻዋ ነበረች። ከእሷ በኋላ የሚያስፈራው ነገር የለም፣ ስለዚህ ሄደ።

ቱርጌኔቭ ደግሞ ይህን የጻፈው በ1852 ፒተርስበርግ ውስጥ ታስሮ ሳለ ነው። ሌላው ሩስያዊ ደራሲ ጎጎል ሲሞት አንድ የሐዘን ጽሑፍ ጻፈ። የፒተርስበርግ ሳንሱር ከለከለው፣ እሱ ሞስኮ ልኮ አሳተመው። በዚህ ሰበብ አንድ ወር ገደማ ታሰረ፣ ከዚያ ርስቱ ላይ እንዲቀመጥ ተፈረደበት። «ሙሙ»ን የጻፈው ያኔ እስር ላይ ሆኖ ነው። ገባሮቹ ነፃ የወጡት በ1861 መሆኑን አስቢ። ሰው እንደ ዕቃ በሚሸጥበት ዘመን ነው ይህ የተጻፈው።

ገነት፦
የምትለው ይገባኛል፣ ግን ልቤን አላሳረፈውም። ጌራሲም ዝም ብሎ ታዛዥ ሰው አይደለም እኮ። መጀመሪያ ውሻዋን ሰርቀው ሲሸጡበት፣ ገመዷን በጥሳ ስትመለስ ደበቃት። ቀን ክፍሉ ዘግቶባት፣ ለሊት እያወጣት። ይህ እምቢታ አይደለም? እዚህ ድረስ የተጓዘ ሰው ለምን ሁለት ቀን አይጓዝም?

የኪየቭ ተማሪ፦
ልጆች፣ ጣልቃ ልግባና አንድ ነገር ልበል። እኔ በሶቭየት ጊዜ ኪየቭ ነው የተማርኩት። «ሙሙ» የሩስያ ልጆች ገና በትንሽነታቸው ትምህርት ቤት የሚያነቧት ታሪክ ናት። ገነት ልጄ፣ አንቺን የያዘሽ ጥያቄ ሩስያ ውስጥ ሕፃን አዋቂው ሁሉ ለትውልድ ሲጠይቀው የኖረ ነው። ብቻሽን አይደለሽም።

አሁን ወደ ጉዳዩ። ታሪኩ የደረሰው ቱርጌኔቭ ቤት ነው። እመቤቲቱ እናቱ ናት፣ ቫርቫራ ፔትሮቭና። በሺዎች የሚቆጠሩ ገባሮች ነበሯት፣ ጭካኔዋም የታወቀ ነበር። ጌራሲም ደግሞ አንድሬ የሚባል እንደሱው የማይሰማና የማይናገር የግቢ ሠራተኛዋ ነው። እዚያ ቤት ያደገች ሴት በኋላ ትዝታዋን ጽፋለች። የአንድሬም ውሻ እንደ ሙሙ ውኃ ውስጥ ሰጠመች። ከዚያስ? አልሄደም! እመቤቲቱ እስክትሞት ድረስ በታማኝነት አገለገላት።

እንግዲህ እዚህ ላይ ቆም በሉ። ማስጠሙ ከእውነተኛው ሕይወት የመጣ ነው። መሄዱ ግን የቱርጌኔቭ ነው፣ ደራሲው ከራሱ የሰጠው ነው። ገነት «አይገጥምም» የምትይው ቦታ በትክክል ሁለቱ የተሰፉበት ቦታ ነው። ቱርጌኔቭ ውሻዋን ቢያድናት ውሸት ይሆንበት ነበር፣ ሰውየውን እዚያው ቢያስቀረው ደግሞ ሕሊናው አይችለውም። እናቱ የሞተችው በ1850 ነው፣ ርስቱ እጁ ሲገባ የቤት አገልጋዮቹን ነፃ ለቋል። ይህን ታሪክ የጻፈው ያን ካደረገ በኋላ ነው። ለእኔ ጌራሲም መንገድ ሲወጣ የማየው ቱርጌኔቭ ለአንድሬ የሚገባውን ሲሰጠው ነው።

ሌላም ነገር አለ። አሽከሮቹ ተሰብስበው በሩን ሲደበድቡ ጌራሲም በምልክት «እኔው ራሴ» አላቸው። እሱ ባይፈጽመው እነሱ ይፈጽሙት ነበር፣ በሙሙ ላይ የማንም እጅ እንዲያርፍ አልፈለገም። የክት ልብሱን ለበሰ። ምግብ ቤት ወሰዳትና የጎመን ሾርባ በሥጋ አዘዘላት። ዳቦውን ፈርፍሮ፣ ሥጋውን በትንንሹ ቆራርጦ ሳህኑን መሬት አኖረላት። ስትበላ ረዥም ጊዜ አያት። ሁለት እንባ ወረደው፣ አንዱ ግንባሯ ላይ፣ ሌላው ሾርባው ውስጥ። እሷ በልታ ስትጨርስ ከፍሎ ወጣ። ይህን ያደረገ ሰው ትዕዛዝ ፈጻሚ ነው ማለት ለእኔ ይከብደኛል።

የደብረ ብርሃን ልጅ፦
ጋሼ፣ የአንድሬን ነገር አላውቅም ነበር። ግን የእኔንም ነጥብ ያጠናክራል እኮ። እውነተኛው ሰው የቀረው ሥርዓቱ እስከ አጥንቱ ስለገባ ነው። እና ያቺ ጀልባ ላይ ያለችው ቦታ! ጡብ አስሮባት እጁን ሲለቅ ቱርጌኔቭ ጌራሲም ምንም አልሰማም ይላል። የሙሙን ጩኸትም፣ የውኃውንም ድምፅ። አንባቢ ግን ይሰማል። እኛ ላይ ጣለው።

ሐኪሟ፦
ሁላችሁም ስለ «ሙሙ» ጥሩ ብላችኋል፣ እኔ ገነት ቀጥሎ ምን ላንብብ ላለችው ልመልስ። «አባቶችና ልጆች»። ሌላ አትፈልጊ። በ1862 የወጣ ነው። ባዛሮቭ የሚባል ወጣት የሕክምና ተማሪ አለ፣ እንቁራሪት እየሰነጠቀ የሚመረምር፣ ግጥምም ፍቅርም መኳንንትም ከንቱ ነው ባይ። ኒሂሊስት (ሁሉን ነገር ከንቱ የሚል ሰው) የሚለውን ቃል ሰው አፍ ውስጥ ያስገባው ይህ ልብ ወለድ ነው። ሲወጣ ወጣቶቹ ሰደበን አሉ፣ ሽማግሌዎቹ አሞካሸብን አሉ። ቱርጌኔቭ ራሱ እንደጻፈው ፒተርስበርግ ሲገባ ከተማው በቃጠሎ ላይ ነበር፣ አንድ የሚያውቀው ሰው መንገድ ላይ አግኝቶት «ኒሂሊስቶችህ የሚሠሩትን እይ፣ ከተማውን እያቃጠሉ ነው» አለው።

እኔን ግን የያዘኝ ፖለቲካው አይደለም። ባዛሮቭ በተስቦ የሞተ ገበሬ አስከሬን ሲመረምር ጣቱን ይቆርጣል። ቁስሉን የሚተኩስበት መድኃኒት የወረዳው ሐኪም ጋ አልነበረም። ቤት መጥቶ አባቱን ይጠይቃል፣ አባቱም ጡረታ የወጣ የጦር ሐኪም ነው። መቼ ተቆረጥክ ሲባል ከአራት ሰዓት በላይ እንደሆነው ይናገራል። እዚያ ላይ አባትም ልጅም ሐኪም ስለሆኑ ሁለቱም ያውቃሉ። አባትየው ግን አላወቅሁም ይላል፣ ደህና ነህ እያለ ይንጎራደዳል። በሥራዬ ይህን ፊት ብዙ ጊዜ አይቼዋለሁ። ስለ ሕመም እንዲህ በትክክል የጻፈ ሰው ጥቂት ነው።

የኪየቭ ተማሪ፦
ሐኪሟ፣ ስለ ባዛሮቭ አሟሟት ያልሽው ልክ ነው፣ ግን ለጀማሪ «አባቶችና ልጆች»ን አልመክርም። መጀመሪያ ላይ ክርክሩ ይበዛል፣ የዘመኑን የሩስያ ጭቅጭቅ ለማያውቅ ይደርቃል። «የአዳኝ ማስታወሻዎች» ይሻላል። ከ1847 ጀምሮ በመጽሔት እየወጡ በ1852 በመጽሐፍ የተሰበሰቡ አጫጭር ታሪኮች ናቸው። አንድ ባላባት ጠመንጃውን ይዞ ኦርዮል አካባቢ ሲዞር ያገኛቸው ሰዎች ናቸው፣ በቃ። ስለ ገባርነት አንድም ስብከት የለም። ገበሬውን ሰው አድርጎ አሳየ፣ ይኸው ነው ያስደነገጣቸው።

ከዚያ ውስጥ «ዘፋኞቹ»ን አንብቢ። ሐምሌ ነው፣ ሙቀቱ አይጣል። ኮሎቶቭካ በምትባል ምስኪን መንደር ጠጅ ቤት ውስጥ ሁለት ሰዎች በዘፈን ይወዳደራሉ። የመጀመሪያው ጎበዝ ነው፣ ድምፁን እንደፈለገ ያሽከረክረዋል፣ ሁሉም አሸነፈ አለ። ከዚያ ያሽካ ይነሳል። ወረቀት ፋብሪካ ውስጥ የሚሠራ ደካማ ልጅ ነው። ሲጀምር ድምፁ ይንቀጠቀጣል፣ የታመመ ይመስላል። ቀስ እያለ ይከፈታል። የባለ ቤቱ ሚስት መስኮቱን ተደግፋ ታለቅሳለች። ተፎካካሪው ብድግ ብሎ «አሸነፍክ» አለና ወጣ። ሌላ ደራሲ ቢሆን እዚህ ያቆም ነበር። ቱርጌኔቭ ግን ሲመሽ ተመልሶ በመስኮት ያያል፣ ሁሉም ሰክረዋል፣ ያሽካም ሰክሮ በጎረነነ ድምፅ የጭፈራ ዘፈን ያወጣል። ያ ድምፅ የት እንደሚያድር አየሽው።

ሐኪሟ፦
እሺ ጋሼ፣ «ዘፋኞቹ» ላይ አልከራከርም። ግን ገነት «የመጀመሪያ ፍቅር»ን እንዳታልፊ። የአሥራ ስድስት ዓመት ልጅ ጎረቤቱን ዚናይዳን ይወዳል፣ እሷ ደግሞ የምትወደው የገዛ አባቱን ነው። አባትየው ክንዷን በአለንጋ ሲመታት ልጁ ተደብቆ ያያል። እሷ የቀላውን ሰንበር ትስመዋለች። ቱርጌኔቭ ይህ ከራሱ ሕይወት የተወሰደ ነው ብሏል። ለፍቅር ሲሉ ሰዎች የሚሸከሙትን እንዲህ ደፍሮ ያሳየ አላነበብኩም።

ገነት፦
ጋሼ፣ እግዜር ይስጥልኝ። ያ አንድሬ እዚያው ቀረ ያሉት ነገር ታሪኩን ከመጀመሪያው እንደገና እንዳነበው አደረገኝ። የደብረ ብርሃን ልጅ፣ አንተ እንዳልከው የሚወሰድበት ሲያልቅ ሄደ የሚለው አሁን ይበልጥ ገባኝ፣ ግን ያ ምግብ ቤት ያለው ቦታ ከታዛዥነት በላይ ነው፣ እዚህ ላይ ከጋሼ ጋር ነኝ። ከ«ዘፋኞቹ» እጀምራለሁ። በነፃ የሚገኝ ነገር አለ?

የደብረ ብርሃን ልጅ፦
እንግሊዝኛ ከሆነልሽ የኮንስታንስ ጋርኔት ትርጉም የቆየ ስለሆነ ኢንተርኔት ላይ በነፃ ይወርዳል። «የአዳኝ ማስታወሻዎች» አለበት፣ «ሙሙ»ም አለበት። ቋንቋው ትንሽ ያረጀ ነው፣ ግን አያስቸግርም። ከ«ዘፋኞቹ» በኋላ «ቢርዩክ»ን አንብቢ፣ ሚስቱ ጥላው የሄደች ጨካኝ የሚባል ጫካ ጠባቂ ነው፣ ዝናብ ውስጥ ዛፍ ሲቆርጥ የያዘውን ምስኪን ገበሬ ቤቱ አምጥቶ ያስረዋል። ገበሬው ይለምነዋል፣ ከዚያ ተስፋ ቆርጦ ይሰድበዋል። ቢርዩክ ብድግ ይልና አንገቱን ይዞ ወደ ውጭ ወርውሮ ይለቀዋል። ልመናው ነው ስድቡ ያስለቀቀው? ስትጨርሺ እዚሁ ጻፊልን፣ እኔና ጋሼ በዚህ ላይም የምንስማማ አይመስለኝም።