«ብቸኝነት የፈረንጅ በሽታ ነው» ላልከው ሰው

የጅሬን ልጅ፦ ትናንት እዚሁ ጅማ ጥቂት ሆነን የአየርላንዳዊውን ደራሲ የሳሙኤል ቤኬትን «ፊልም» የተባለ አጭር ፊልም አየን። ሃያ ደቂቃ ገደማ ነው፤ እ.ኤ.አ. በ1964 ኒውዮርክ የተቀረጸ። አንድ ሽማግሌ ከሚያየው ዓይን ሁሉ ይሸሻል። ሲያልቅ አንድ ሰው ተነስቶ «ብቸኝነት የፈረንጅ በሽታ ነው፣ እኛን አይመለከትም» አለ። ሲያበግነኝ አደረ።

አዌቱ ማዶ፦ ያልኩት እኔ ነኝ፤ አሁንም እላለሁ። ጅማ ውስጥ ጎረቤት ሳይጠራ ቡና ይጠጣል? የቤቴ በር ሳይከፈት ቢረፍድ ሦስት ሰው ያንኳኳል። ያ ሰውዬ ድመቱንና ውሻውን እንኳ ከክፍሉ ያስወጣል።

የጅሬን ልጅ፦ «የፈረንጅ»? ሰፈራችን አንዲት እናት ነበሩ። ልጆቻቸው ሁሉ ውጭ አገር። ፎቶዎቻቸው ግድግዳው ላይ፣ በዳንቴል ተሸፍነው። ቡናም እድርም አልቀረባቸውም። ግን ማታ ማታ ዳንቴሉን ገለጥ እያደረጉ ብቻቸውን ሲያወሩ ሰምቻለሁ። የፊልሙ ሰውዬ የራሱን ፎቶዎች አንድ በአንድ ሲቀድ እሳቸው መጡብኝ።

አዌቱ ማዶ፦ ነፍስ ይማር። ግን እሳቸው ገልጠው አዩ፣ እሱ ቀደደ። አንድ ነው?

ጡረተኛው መምህር፦ ልጆች፣ ካሜራውን ረሳችሁት? ከኋላው ነው የሚከተለው። ወደ ጎኑ ዞሮ ከ45 ዲግሪ ማዕዘን ካለፈ ሰውዬው እንደታየ ተሰምቶት ይደነግጣል። ፊቱን የምናየው መጨረሻ ላይ ነው፤ ያኔ ሲያሳድደው የኖረው ዓይን የራሱ ሆኖ ይገኛል። የጎረቤት ጉዳይ አይደለም። ተዋናዩ ባስተር ኪተንም ፊልሙ በታየ ዓመት ሳይሞላው፣ እ.ኤ.አ. በ1966 አረፈ። እኔ በዚህ ዕድሜዬ ያን ፊት ሳየው የታየኝ ሞት ነው።

ሂርማታ፦ ጋሼ፣ ይቅርታ ያድርጉልኝ፤ እኔን የሚያየኝ ዓይን የራሴ አይደለም። የምሠራበት ሱቅ ሁለት ካሜራ አለው። ባለቤቱ አዲስ አበባ ሆኖ በስልኩ ያየኛል። አረፍ ካልኩ ይደውላል። የፊልሙ ሰውዬ መስታወቱን በጨርቅ ሲሸፍን እጄ አብሮት ተነሳ።

አዌቱ ማዶ፦ እሱ በደል ነው እህቴ፣ ብቸኝነት አይደለም። አታደባልቂው።

የጅሬን ልጅ፦ አሁን ደግሞ «በደል» ሆነ! ትናንት «አይመለከተንም» ነበር።

አዌቱ ማዶ፦ ቃሌን አላጠፍኩም። የፈረንጅ በሽታ ነው።

ሂርማታ፦ ቀኑን ሙሉ ማንንም ሳላናግር፣ እየታየሁ እውላለሁ። ስሙን እንግዲህ አንተ ንገረኝ።