ድንጋዩ ራሱ አብሮ ወደ ኋላ ይመለሳል ወይ?

ጤና ይስጥልኝ፣ ጥያቄዬ ልቦለድ ለምትጽፉ ነው። ደሴ፣ ቧንቧ ውሃ ሰፈር ቁጭ ብዬ የምናብ ዓለም ታሪክ ስጽፍ ሦስት ወር ሆነኝ፤ ምዕራፍ 7 ላይ ተገትሬያለሁ።

ታሪኩ ውስጥ በጨለማ የሚያበራ ፈርጥ አለ። ጀግናዋ ስትጨብጠው ጊዜ አንድ ቀን ወደ ኋላ ይመለሳል። ሐሳቡን ያገኘሁት ከወሎው ደላንታ ኦፓል ነው፤ በ2000 ዓ.ም. ወገል ጤና አካባቢ ከተገኘው፣ ብዙ ቀለም ከሚያብለጨልጨው የከበረ ድንጋይ። አጎቴ አንዱን ብርጭቆ ውሃ ውስጥ ሲጨምረው ያ ሁሉ ቀለም ቀስ እያለ ጠፍቶ እንደ መስታወት ጥርት አለ። ሲደርቅ ቀለሙ ተመለሰ (ቀናት ፈጀበት እንጂ፤ በደሴ ጉም ምን ይደርቃል!)። የኔም ፈርጥ አንዴ ከሠራ በኋላ እንዲሁ ደብዝዞ ሰባት ቀን እንዲያርፍ አደረግኩ።

ችግሩ፣ ጊዜው ወደ ትናንት ከተመለሰ ድንጋዩም እንደ ትናንቱ ሙሉ ብርሃኑን ይዞ ይገኛላ! ታዲያ ልጅቷ እንዳሻት ትደጋግመዋለች፤ ልብ የሚሰቅል ነገር ቀረ። ድንጋዩ ብቻ ከጊዜ ውጪ ነው ብል እህቴ "ማምለጫ ነው" ብላ ሳቀችብኝ፤ እውነቷን ነው። ዕድሜዋን ያስከፍላት እንዳልል ደግሞ እሱ የተበላ ዕቁብ ነው። እባካችሁ፣ ይህን ቋጠሮ በምን ልፍታው?